አራተኛው ረድፍ

ረቡዕ ከሰዓት በጣም ሞቃት ነበር። በሰፈራችን በካርቲየ ሰባት፣ ከአባቴ የጨርቅ ሱቅ በላይ ባለችው የእህቴ ክፍል ውስጥ ሁለታችን ብቻ ነበርን። እሷ ደብተሯን ይዛ ወንበር ላይ፣ እኔ ሣጥኑ ፊት ተንበርክኬ።

የንፋስ መፈተሻ ሣጥኑን ከኮምፔንሳቶ ራሷ ነች የሠራችው። የአውሮፕላን ምህንድስና ተማሪ ነበረች፤ ለእረፍት መጥታ ነው። በአንዱ አፉ የለስላሳ መጠጫ ስትሮዎችን ጥቅጥቅ አድርጋ ደርድራለች፤ በሌላው አፉ ቬንትሌተር ገጥማለች። ቬንትሌተሩ አየሩን በክፍሉ በር በኩል እየሳበ በመስኮት ያስወጣዋል። አየሩ በስትሮዎቹ ሲያልፍ ሽክርክሪቱ ይጠፋል፣ ቀጥ ብሎ ይገባል። መሃል ላይ ጥቁር የተቀባ የፎም ክንፍ አለ። ክንፉ ላይ ነጭ የስፌት ክር እየቆረጥን፣ ከፊት ወደ ኋላ በስድስት ረድፍ ለጥፈናል። ጭስ የሚጠቀሙ አሉ። እሷ አስም ስላለባት ጭስ አትችልም።

ክሩ ከተኛ አየሩ ክንፉን ይዟል ማለት ነው። ከተርገበገበ ለቅቆታል። ከለቀቀው አየሩ ይታወካል፣ ክንፉም መሸከም ያቅተዋል። ጥያቄዋ ይህ ነበር፤ ኸምሲን የሚባለው አቧራማ ንፋስ ሲመጣ አምቡሊ አውሮፕላን ማረፊያ የሚያርፍ አውሮፕላን ክንፉ ላይ አሸዋ ቢለጠፍበት፣ አየሩ ቀድሞ ይለቀው ይሆን? ለዚህ የአምቡሊን አሸዋ አምጥታ ክንፉ ግንባር ላይ በኮላ ለጥፋለች። መምህሯ ውጤቱን የምትሞላበትን ሰንጠረዥ እስከ ዓርብ ይጠብቃል።

«ክንፉ አሥራ አራት ዲግሪ ዘንብሏል» አለች። «አንደኛ ረድፍ?»

«ተኝቷል።»

«ሁለተኛ?»

«ተኝቷል።»

ከታች ጓደኞቼ ያፏጫሉ። ኳስ ሊጀመር ነው።

«ማሙሽ፣ ዓይንህ ኳሱ ላይ ነው ክሩ ላይ?» ዐሥራ ሰባት ዓመቴ ነው፤ አሁንም ማሙሽ ነው የምትለኝ።

«አቦ፣ ክሩ ላይ ነው! ሦስተኛም ተኝቷል።»

«አራተኛ?»

በመስኮት ወደ መንገዱ እያየሁ ነበር። «ተኝቷል» አልኩ።

እስክሪብቶዋ ቆመ። «በአሥራ ሁለት ዲግሪ ተርገብግቦ ነበር። በአሥራ አራት እንዴት ይተኛል? እርግጠኛ ነህ?»

«እርግጠኛ ነኝ።»

«ወይ ዋሽተሃል፣ ወይ አየሩ አዲስ ነገር ነግሮናል» አለችና ሳቀች። ከዚያ አሳላት። ጻፈችው። አምስተኛውንና ስድስተኛውን አይቼ ነገርኳትና ሮጥኩ።

ያኔ አላየሁም ማለት እችል ነበር። አንድ ቃል ነው።

ሐሙስ ጠዋት ኸምሲን ተነሳ። ኸምሲን ባለበት ቀን ሣጥኑን አታስነሳም፤ በሩ መከፈት ስላለበት አቧራው ይገባል። ይህ የራሷ ሕግ ነው። እኔ ከአባቴ ጋር ዕቃ ልንቀበል ከከተማው ዳር ወዳለው ፔካ 12 ሄድኩ። መንገዱን ሙሉ ልነግራት አስቤ ነበር። ማታ እነግራታለሁ አልኩ። እኩለ ቀን ላይ እናቴ ደወለች። ድምፅዋ እንጂ ቃሏ አልገባኝም። እህቴን አስሟ ተነስቶባት፣ ሣጥኑ አጠገብ ወድቃ ነው ያገኘቻት። ቬንትሌተሩ እየዞረ ነበር። ታክሲው ሐኪም ቤት ሳይደርስ አረፈች። ፀሐይ ሳትጠልቅ ቀበርናት።

የአባቴ እህት ቬንትሌተሩን ከሣጥኑ ነቅላ ሴቶቹ ወደሚቀመጡበት ክፍል አወረደችው። በለቅሶ ቤት ሙቀት ሰው ይገድላል።

ዓርብ ጠዋት ከሶላት በኋላ ወደ ክፍሏ ወጣሁ። ደብተሩ ክፍት ነው። በአሥራ አራት ዲግሪ፣ በአራተኛው ረድፍ ያለው ጽሑፍ ተፍቋል። ሌላው ሁሉ እንዳለ ነው። ከጎኑ «ይደገም» ብላለች። ቆሜ ቀረሁ። በሩን በኸምሲን የከፈተችው ለዚህ ነው። ለዚህች አንዲት የሰንጠረዥ ክፍት ቦታ።

ወረድኩ። እናቴ ቬንትሌተሩ ፊት ተጋድማለች፤ አክስቴ አጠገቧ ናት።

«አክስቴ፣ ቬንትሌተሩን ለሩብ ሰዓት ስጪኝ።»

«ለምኑ?»

«የእሷን ሥራ ልጨርስ።»

«በለቅሶ ቤት ንፋስ ልትለካ? ምን ነካህ አንተ ልጅ? እናትህ ትንፋሽ አጥሯት እያየህ!»

«ዋሽቻት ነበር። ሳላይ… አየሁ ብያት ነበር። ልትደግመው ብላ ነው በሩን የከፈተችው።»

አክስቴ አፏን በነጠላዋ ያዘች። እናቴ ዓይኗን አልገለጠችም። ትጮህብኛለች ብዬ ጠበቅኩ።

«ስጪው» አለች።

ኸምሲኑ ቆሞ ነበር። ቬንትሌተሩን ወደ ክፍሏ አውጥቼ ገጠምኩ፣ ክንፉን በፕሮትራክተሩ አሥራ አራት ላይ አደረግኩ፣ ማብሪያውን ተጫንኩ። እስከ ሁለት መቶ ቆጠርኩ። አንዴም ወደ መስኮቱ አልዞርኩም። አንደኛው ተኝቷል። ሁለተኛው ተኝቷል። ሦስተኛው ተኝቷል። አራተኛው ረድፍ ላይ ክሮቹ በሙሉ ይርገበገባሉ። ደግሜ አየሁ። ይርገበገባሉ።

በተፋቀው ቦታ ላይ «ይርገበገባል» ብዬ ጻፍኩ። የእኔ ፊደል ከእሷ አጠገብ አስቀያሚ ነው። ገጹን በስልኳ አንስቼ ለመምህሯ ላክሁ። «እህቴ ትናንት አርፋለች። አራተኛውን ረድፍ ዛሬ ያየሁት እኔ ነኝ። ረቡዕ ሳላይ ነበር የነገርኳት፤ ስሕተቱ የእሷ አይደለም» አልኩት።

ከዚያ ቬንትሌተሩን ነቅዬ አወረድኩና ወደ እናቴ አዞርኩት።