ያስነሳኋት እኔ ነኝ

ይህን ለማንም ተናግሬ አላውቅም፤ ለሚስቴም፣ ለንስሐ አባቴም። ሌላውን በጽሑፍ ስገርፍ የኖርኩ ሰው፣ የራሴን ጀርባ ለማሳየት ወኔ አጣሁ።

ሰብለ የሲልቨር ስፕሪንግን ሕዝብ ወክላ በሜሪላንድ ግዛት ምክር ቤት የተቀመጠች የአገራችን ልጅ ነበረች። ሆቴል አልጋ እያነጠፈች ተምራ፣ ሁለት ጊዜ ተመረጠች። ሰው ሁሉ ይወዳታል። እኔን ያናደደኝ ይኸው ነው። በፖለቲካ አልተጣላንም። ሰው የሚያጨበጭብለትን ነገር ሁሉ መጠርጠር ሙያ አድርጌው ነበር፤ ምቀኝነቴን ነፃ አስተሳሰብ እለው ነበር። ደግሞ እኮ የምኖረው ቨርጂኒያ፣ አሌክሳንድሪያ ነው፤ ሌላ ግዛት። ልመርጣትም ልጥላትም መብቱ አልነበረኝም።

ለሦስተኛ ጊዜ ስትወዳደር፣ የምርጫው ቀን ሲቃረብ፣ የሆቴል እንግዶችን መኪና ተቀብለው እያቆሙ ይሠሩ የነበሩት አቶ ተፈራ ዐረፉ። ለቅሶ ልደርስ ሄድኩ። ሰብለም ነጠላዋን አዘቅዝቃ መጣች። ከሟቹ ባለቤት ከእትዬ አስካለ አጠገብ ተቀመጠች፤ ስልኳን እንኳ አላወጣችም።

ጎንበስ ብዬ በጆሮዋ፣ «ተነሺና አጽናኛቸው እንጂ» አልኳት።

«ተወኝ። እዚህ ጎረቤት ነኝ» አለች።

አልተውኳትም። «ዝም ካልሽ፣ ባለሥልጣን ስትሆን ሟቹን ናቀች ይሉሻል።»

በለቅሶ ቤት ከዚህ የከፋ ማስገደጃ አለ? ተነሣች። እግዚአብሔር ያጽናችሁ አለች። አቶ ተፈራ ለሠራተኞች የሕመም ፈቃድ በሕግ እንዲሰጥ ሊመሰክሩ ምክር ቤቱ ድረስ መጥተው እንደነበር አስታውሳ ተቀመጠች። ይኸው ነው።

እኔ ግን በሳምንቱ፣ «ሬሳ ላይ ቆማ ድምፅ የምትለምን» ብዬ ጻፍኩ። ማን እንዳስነሳት አልጻፍኩም። ጽሑፌ በየስልኩ ዞረ፤ እዚህ ቨርጂኒያ፣ እስከ ስፕሪንግፊልድ ድረስ በዓይናቸው አይተዋት የማያውቁ ሰዎች ረገሟት። ደጋፊዎቿ መልስ ስጪ ብለው ሲወተውቷት፣ በሞተ ሰው ላይ ክርክር አልገጥምም አለች አሉ። ስሜን ብትጠራ በተረፈች። አልጠራችም። በጥቂት ድምፅ ተሸነፈች።

የጣላት የእኔ ጽሑፍ ነው? ምናልባት አይደለም። በዚህ «ምናልባት» ላይ ስንት ዓመት ተደግፌ ቆምኩ?

ከምርጫው በኋላ እትዬ አስካለ ደወሉልኝ።

«ልጄ፣ ያንን ጽሑፍ ገና አሁን አነበቡልኝ። ያን ዕለት ተነሺ ስትላት የሰማሁህ አንተ አልነበርክም?»

አንድ «አዎ» ብቻ ነበር የሚፈለግብኝ። ሰብለ ወንበሯን ባታገኝ እንኳ ስሟን ታገኝ ነበር።

«እኔ አልነበርኩም፣ እትዬ» አልኩ።

 

«እንግዲያ ሐዘን አዙሮኝ ነው» አሉ። «በከንቱ ጠረጠርኩህ። ይቅር በለኝ ልጄ።»

ሴትየዋን ከምክር ቤት አስወጣኋት ብዬ ብቻ ብናዘዝ ጉራ በሆነ፤ ብዕሬ ሰው ይጥላል እንደ ማለት። እኔ ባላቸውን የቀበሩ እናት የገዛ ጆሯቸውን እንዳያምኑ አደረግኩ። ቅናት ነው ልበል? ፍርሃት? እነዚህ ስሞች ናቸው፤ ምክንያት አይሆኑኝም። ምሕረትም አልለምንም፤ ምክንያቱም እትዬ አስካለ ይቅርታ ሲለምኑኝ፣ እኔ፣ የእግዚአብሔርን ስም ጠርቼ፣ ይቅር ብያቸዋለሁ።