ተልካ የመጣችው አፕሳራ

አባቴ የቤተ ክርስቲያን ሠዓሊ ነበር። ጻድቁን ከነሁለት ዓይኑ ይሥላል፤ ክፉውን ግን በጎኑ አዙሮ በአንድ ዓይን ያስቀረዋል። ይሁዳ አንድ ዓይን፣ ሰይጣን አንድ ዓይን። እኔም ከልጅነቴ ጀምሮ ሥዕል ሳይ መጀመሪያ የምቆጥረው ዓይን ነው።

ታዲያ ሮም ዩኒቨርሲቲ ገብቼ የህንድ ጥበብ የቃል ፈተና ስቀርብ፣ ፕሮፌሰሩ በጎኗ የተቀረጸች የአንዲት አፕሳራ ፎቶግራፍ ፊቴ አስቀመጡ። አፕሳራ ማለት ሂንዱዎች ከባሕር ወጣች የሚሏት፣ አማልክት ፊት የምትጨፍር የሰማይ ቆንጆ ናት። የአማልክቱ ንጉሥ የጸሎቱ ብርታት ያስፈራውን መናኝ እንድታስትለት ይልካታል። ዓይኗን ቆጠርኩና ክፉ ናት አልኩ። አሳሳች ናት፣ ዓይኗም አንድ ነው፤ አለቀ ደቀቀ።

ፕሮፌሰሩ መነጽራቸውን አወለቁ። እነዚህ ሴቶች የቤተ መቅደሱ ግድግዳ በረከት እንደሆኑ፣ እነሱ የሌሉበት ግድግዳ እንደ መካን እንደሚታይ ነገሩኝና ጣሉኝ። ደግሞ አሳዘንኳቸው መሰለኝ፣ ርእሱን ትቼ ስለ አገሬ ቅዱሳን ሥዕል ባወራ እዚያው ሊያሳልፉኝ ፈቀዱ።

ቆሽቴ አረረ። ሐበሻ ከሐበሻ ሌላ አያውቅም ያለው ማን ነው? ፈተናውን ካላለፍኩ የመኖሪያ ፈቃዴ፣ ፔርሜሶዬ፣ አይታደስም፤ ፔርሜሶ ከሌለኝ ደግሞ ጓዜን ጠቅልዬ ወደ ደርግ ነው። እዚያ ምን እንደሚጠብቀኝ አውቃለሁ። ቢሆንም እምቢ አልኩ። በሚቀጥለው ወር በዚችው ሴት ልፈተን እመለሳለሁ ብያቸው ወጣሁ። ትራም ላይ ፔርሜሶዬ የሚያልቅበትን ቀን ደጋግሜ ቆጠርኩ፣ ምን እዋሻለሁ።

ያኔ ፒኜቶ ሰፈር አንዲት ሲኞራ ቤት በሠራተኝነት ተቀጥሬ ነበርና የኔ የምለው ሐሙስ ከሰዓትን ብቻ ነው። አራት ሐሙስ ሙሉ ዘበኛው እስኪጠረጥረኝ ድረስ ሙዚየም ውስጥ አንዲት የድንጋይ አፕሳራ ፊት ተገተርኩ። አንድ እግሯን አጥፋ እሾህ ትነቅላለች። የትምህርቱ መጽሐፍ እሾሁ የፍቅር ምልክት ነው ይላል፤ ይበል። እኔ ያየሁት ቀኑን ሙሉ ቆማ የዋለች ሴት እግር ነው። ደግሞ ላኪዋን ንጉሥ ማንም አሳሳች አይለውም። እኔስ ስልክ ሲደወል ሲኞራዋ በእጇ ምልክት እየሰጠችኝ ስንቴ "ሲኞራ የሉም" ብያለሁ! ውሸታሟ እኔ ነኝ?

የፈተናው ቀን ፕሮፌሰሩ ያንኑ ፎቶግራፍ አወጡ።

"ዛሬስ ክፉ ናት?"

"አይደለችም ፕሮፌሶሬ። ሥራ ላይ ናት።"

ትንፋሽ ሳልወስድ ቀጠልኩ። መናኙ የወደቀው በራሱ ምኞት ነው፤ እሷማ መልእክተኛ ናት። ከውሃ የወጣች ናትና የልምላሜ ምልክት ናት፤ የሰማዩን ጸጋ ወደ ምድር ስለምታወርድ ግድግዳው ላይ ትቆማለች። የአባቴ ሕግ ለአባቴ ግድግዳ ነው፤ እዚህ አይሠራም አልኩ።

ፕሮፌሰሩ ሥራ ላይ ናት የሚል መጽሐፍ አንብበው እንደማያውቁ ተናገሩ። ቢሆንም ከሠላሳው አሥራ ስምንት ሰጡኝ፤ የማለፊያው ጠርዝ ነው። ነጥቡ ካነሰብኝ ትቼው ሌላ ጊዜ መፈተን እንደምችልም አስታወሱኝ።

"ይጻፉልኝ" አልኳቸው።

ጻፉ፣ ፈረሙ። ደረጃው ላይ ስደርስ ቁጭ አልኩ። ፔርሜሶዬ ይታደሳል፤ አንድ ዓመት ማንም ከዚህ አገር ሊያስወጣኝ አይችልም። ያን ጊዜ ነው ያለቀስኩት።