ኳሱ ሳይደርሰው ዞር የሚለው

በዚያ እሁድ ሞጣ፣ ኳስ ማሳያው ቤት ውስጥ የነበርነውን ሁሉ ልዘርዝር። የቤቱ ባለቤት ከቴሌቪዥኑ ሥር በርጩማው ላይ ተቀምጧል። ሚስቱ በሩ አጠገብ ሻይ ትቀዳለች። ሁለት የሁለተኛ ደረጃ መምህራን ነበሩ፤ አንደኛው ሁልጊዜ አጠገቤ ተቀምጦ እንግሊዝኛውን ይተረጉምልኛል። ባጃጆቻቸውን ደጅ ደርድረው የገቡ አራት ሾፌሮች፣ ነጠላውን አጣጥፎ ጉልበቱ ላይ ያስቀመጠ አንድ ዲያቆን፣ ከደጀን ሲሚንቶ ጭኖ የመጣ የአይሱዙ ሾፌር ከነረዳቱ፣ ግድግዳውን ተደግፈው የቆሙ ሰባት ወይም ስምንት የማላውቃቸው ወጣቶችም ነበሩ። ሴት እኔና ሻይ ቀጂዋ ብቻ ነበርን። ልጄንም እቆጥራታለሁ። እሷ ያን ቀን ሞጣ አልነበረችም። ቤይሩት ነበረች፣ ወይም እንደነበረች አምናለሁ። ጨዋታውን ግን ሳታይ አትቀርም ብዬ ከነበሩት ጋር ጻፍኳት።

ጨዋታው የአንድ ጣሊያናዊ አማካይ የመጨረሻ ጨዋታ ነበር። ከዚያ በኋላ ኳስ መጫወት ሊያቆም ነው ተብሏል። እኔ ልብስ ሰፊ ነኝ፤ ትምህርቴን ያቋረጥኩት ከአራተኛ ክፍል ነው። ኳስ የሚያገባኝ ሴት አልነበርኩም። ይህን ሰው ለምን ዓመታት ሙሉ እንደተከታተልኩት ለማስረዳት ወደ ቢቸና መመለስ አለብኝ።

ቢቸና፣ ገበያው ዳር፣ የአንድ ሱቅ በረንዳ ላይ የስፌት መኪናዬን አስቀምጬ እሰፋ ነበር። ባሌ ልጃችን ገና አምስት ዓመቷ ሳለ አርፏል። ቤቱ ውስጥ ሁለታችን ብቻ ነበርን። ፈሪ ሴት ነኝ፣ አልደብቅም። በር ቆልፌ ከሄድኩ በኋላ ከመንገድ ተመልሼ መቆለፉን አያለሁ። መንገድ ስሻገር ግራና ቀኝ አይቼ፣ እንደገና አይቼ፣ ከዚያም የልጄን እጅ እይዛለሁ። አሥራ ሦስት ዓመት ሞልቷትም እይዛት ነበር። ጓደኞቿ ሲያዩ ታፍርብኝ ነበር፤ እጇን ግን አትነጥቀኝም።

አንድ መስከረም ደብተር ልንገዛ ወጣን። ሌሎቹ ልጆች ሽፋኑ ላይ አበባ ያለበትን ሲመርጡ፣ እሷ ሰማያዊ ማሊያ የለበሰ ነጭ ሰው ያለበትን አነሳች። ሰውየው እግር ሥር ኳስ የለም። አንገቱን አዙሮ ወደ ኋላ ያያል። ፎቶ አንሺው ተሳስቶ ያነሳው መስሎኝ ኳስ እንኳ የለውም፣ ሌላ ምረጪ አልኳት። እሷ ግን ሰውየውን ታውቀው ኖሯል። በአንድ ሆቴል መስኮት፣ ከወንዶች ጋር ተጋፍታ፣ በቴሌቪዥን አይታዋለች።

"ስንት ያገባል?" ብዬ ጠየቅኳት።

"አያገባም።"

"ታዲያ ምን ይሠራል?"

"መሀል ላይ ሆኖ ለሌሎቹ ያቀብላል። ኳሱ ሳይደርሰው ዞር ብሎ ማን የት እንደቆመ ያያል። አንቺን ነው የሚመስለው እማዬ፣ መንገድ ስትሻገሪ።"

ሳቀችብኝ። እኔም ሳቅሁ። ከዚያ ቀን ወዲህ ግን ሰውየው ባዕድ አልሆነብኝም። በፍርሃቴ ሲስቁብኝ ለኖርኩት ለእኔ፣ ዞር ብሎ በማየት እንጀራውን የሚበላ ሰው መኖሩ ደስ አለኝ።

በትምህርት ቤቱ የሴቶች ቡድን ውስጥ እሷም መሀል ነበር የምትጫወተው። ሳታየኝ አንድ ቀን ሄጄ ከባሕር ዛፎቹ ጀርባ ቆሜ አየኋት። ኳሱ ገና ሲመጣ አንገቷን ወደዚህ፣ ከዚያ ወደዚያ ታዞራለች። ስመለስ እያለቀስኩ ነበር፤ ኩራት ይሁን ስጋት አላውቅም።

ያን ሰሞን ማሊያ እንድሰፋላት ጠየቀችኝ። ከትርፍራፊ ሰማያዊ ጨርቅ ሰፋሁላት። ጀርባው ላይ የጣሊያናዊውን ቁጥር፣ ስድስትን፣ ከነጭ አቡጀዲ ቆርጬ ለጠፍኩበት። ለብሳ ወጥታ ሳቋን መያዝ አቅቷት ተመለሰች። ቁጥሩን ገልብጬ ሰፍቼው ኖሯል፤ ዘጠኝ ሆኗል። ዘጠኝ ቁጥር የአጥቂ ነው አለችኝ፣ ጎል የሚያገባው። ልተርትረውና ላስተካክለው ስል ማሊያውን አልሰጥም አለች።

"ተይው እማዬ። አንቺ ስትሳሳቺ ያየሁት ዛሬ ገና ነው።"

በዘጠኝ ቁጥር ስድስት ቁጥርን ሆና ተጫወተች።

አሥራ ስድስት ዓመቷ ላይ የስፖርት መምህሯ ቤታችን መጣ። ደብረ ማርቆስ ላይ የሴቶች ቡድን ምርጫ አለ፣ ትሂድ አለኝ። የት እንደሚያድሩ ጠየቅኩት፤ ነገረኝ። ማን አብሯቸው እንደሚሄድ ጠየቅኩት፤ ሚስቱ እንደምትሄድ ነገረኝ። ጉልበቷ ቢሰበርስ አልኩት። ለዚህም መልስ ነበረው። ለሁሉም መልስ ሰጥቶኝ ሲያበቃ እምቢ አልኩ። ልጄ ከጓዳ ሆና ሰማች። በማግሥቱ ማሊያውን አጥባ አጣጥፋ ሣጥን ውስጥ አስቀመጠችው።

ከሁለት ዓመት በኋላ ደላላው መጣ። ቤይሩት፣ የሰው ቤት ሥራ። ለእሱም እነዚያኑ ጥያቄዎች ጠየቅኩት፤ እሱም ለሁሉም መልስ ነበረው። እንደገና እምቢ አልኩ። በዚህ ጊዜ ግን እምቢታዬ አልሠራም። እንቅልፍ አጥቼ የከለከልኳት ደብረ ማርቆስን ነበር፤ የሄደችው ባሕር ተሻግራ ነው። ስትሄድ ማሊያውን ከሣጥን አውጥታ ይዛው ሄደች።

እሷ ከሄደች በኋላ ብቻዬን መሆን ከበደኝ። የስፌት መኪናዬን ይዤ ሞጣ፣ እህቴ ቤት ገባሁ። ቢቸና ላለችው ጎረቤቴ ግን ልጄ ብትመጣ የት እንዳለሁ እንድትነግራት ሦስት ጊዜ አስጠነቀቅኳት። በሦስተኛው ተቆጣችኝ።

ልጄ በወር አንዴ፣ አንዳንዴም ሁለቴ ትደውል ነበር። በአንዱ ጥሪ የቤቱ ወንዶች የጣሊያን ኳስ እንደሚወዱ ነገረችኝ። እሁድ እሁድ እነሱ ሲያዩ እሷ ከኋላቸው ቆማ ልብስ ትተኩሳለች። የእኔው ሰውዬ ሲጫወት አያለሁ አለችኝ። እኔም አያለሁ አልኳት። የት ሆኜ እንደማይ ሳላስብ ነው ከአፌ ያመለጠኝ።

መጀመሪያ ኳስ ቤቱ በር ላይ ስደርስ ባለቤቱ ብድግ ብሎ ተቀበለኝ። "ልጅዎ የቱ ነው እትዬ? ይንገሩኝና ላስወጣልዎ" አለኝ። አግዳሚው ላይ ካሉት ወጣቶች አንዱ ቀስ ብሎ ከሰው ጀርባ ዝቅ አለ።

"ልጄ እዚህ የለችም። እሷ የምታየውን ላይ ብዬ ነው የመጣሁት" አልኩት።

ከዚያ በኋላ የኋለኛው አግዳሚ ጥግ የእኔ ቦታ ሆነ። ሰው ቢቀመጥበት እንኳ ስገባ ይነሱልኛል። ጣሊያናዊው ኳስ በነካ ቁጥር የባጃጅ ሾፌሮቹ ዞር ብለው አማችዎ ያዘው እትዬ፣ ድግሱ መቼ ነው ይሉኛል። ከጠጅ ጋር እጠራችኋለሁ እያልኩ እመልስላቸዋለሁ።

የሰውየውን ሕይወት የነገረኝ መምህሩ ነው። ከጋዜጣ እያነበበ፣ ከቴሌቪዥን እየሰማ፣ በየሳምንቱ ትንሽ ትንሽ ያካፍለኝ ነበር። በባሕር ዳርቻ ያለች ትንሽ ከተማ ውስጥ እንዳደገ፣ አባቱ የዓሣ መረብ ጠጋኝ እንደነበር፣ በአሥራ አራት ዓመቱ ትልቅ ቡድን ወስዶት ከቤት ርቆ አዳሪ ሆኖ እንዳደገ፣ ኋላም የቡድኑ አምበል እንደሆነ ነገረኝ። መረብ መጠገን የስፌት ወንድም ነው ብዬ አሰብኩ። እናቱስ ምን አለች ብዬ ስጠይቀው መምህሩ ሳቀ፤ ጋዜጣው ስለ እናቱ አይጽፍም አለኝ። እኔ ግን የአሥራ አራት ዓመት ልጇን ለሰው የሰጠችውን ያቺን ሴት ደጋግሜ አሰብኳት። እሷ ሰጥታ አምበል ሆነላት። እኔ ከልክዬ ምን ሆነልኝ?

በአንዱ ዓመት የጉልበቱ ጅማት ተበጠሰና ለወራት ጠፋ። ዲያቆኑን በጸሎት እንዲያስብልኝ ለመንኩት። የክርስትና ስሙን ያምጡልኝ አለኝ እየሳቀ። ጉልበቱን እግዜር ያውቀዋል አልኩት። የተመለሰ ዕለት ልጄ ደወለች። ሰላምታ እንኳ ሳታስቀድም "አየሽው እማዬ?" አለችኝ። "አየሁት፤ በቀኝ እግሩ ትንሽ ይፈራል" አልኳት። የኳስ ሰው ሆንሽ አለችኝ፤ ድምፅዋ ውስጥ ከደብረ ማርቆሱ ነገር ወዲህ ያልሰማሁት ነገር ነበር። ስለ ምርጫው ላወራት፣ ይቅር በይኝ ልላት ፈለግሁ። የሰው ስልክ ነው፣ አይመችም ብዬ ለሌላ ጊዜ አቆየሁት።

የመጨረሻ ጊዜ የደወለችው የትምህርት ቤት ዩኒፎርም እየሰፋሁ ሳለ ነው። ተቻኩላለች። ቤት ልትቀይር መሆኑን ነገረችኝ። ከአዲሱ ቤት ወደ ውጭ መደወል አይፈቀድላትም፤ ከደወሉላት ግን ያቀርቧታል። ስለዚህ ቁጥሩን ያዢ፣ አንቺ ደውይልኝ አለችኝ። እስክሪብቶ አልነበረም። ጨርቅ የማሰምርበትን የደረቀ የሳሙና ስባሪ አንስቼ፣ ፊቴ በተዘረጋው ጥቁር ሰማያዊ ጨርቅ ላይ እየደጋገምኩ፣ እያነበብኩላት ጻፍኩ። ትክክል ነው አለችኝ። ስልኩ ተዘጋ።

እስክሪብቶ ልፈልግ ተነሳሁ። ስነሳ ክንዴ ጨርቁን ዳበሰው። አንዷን ቁጥር ነው የነካት። ክቧ ብቻ ቀረች፤ ጭራ ከነበራትም ጠፍቷል። ጭራዋ ወደ ላይ ከነበረ ስድስት ናት፤ ወደ ታች ከነበረ ዘጠኝ፤ ጭራ ካልነበራት ዜሮ። ዕድሜዬን ሁሉ ተጠንቅቄ ኖሬ የተሳሳትኩት በክንዴ ነው።

በሦስቱም ደወልኩ። በስድስት ስደውል ቁጥሩ የለም ይላል። በዘጠኝ አንድ ሽማግሌ አንስተው በአረብኛ ተናግረው ዘጉት። በዜሮ ይጠራል፤ ማንም አያነሳም። የቀድሞው ቤት ስደውል አንዲት ሴት የልጄን ስም ስትሰማ ዘጋችብኝ። ቢቸና ሄጄ ደላላውን ፈለግሁት፤ እሱም አገር ለቋል። ጨርቁን አልሰፋሁትም። ሌላ ገዝቼ የሰውን ዩኒፎርም አደረስኩ፤ ያኛውን በላስቲክ ጠቅልዬ አስቀመጥኩት። ልጄ እዚያ ሆና እናቴ ለምን አልደወለችልኝም ትላለች። ይህን ሳስብ ነው የሚጨንቀኝ።

የቀረኝ ጣሊያናዊው ነበር። እሱ ሲጫወት እኔና ልጄ በአንድ ሰዓት አንድ ነገር እናያለን። እያረጀ ሄደ። ትልቁ ቡድን ለቀቀውና ወደ ልጅነት ከተማው ትንሽ ቡድን ተመለሰ። የዚያን ቡድን ጨዋታ ማንም ማየት አይፈልግም፤ ሁሉም የእንግሊዝን ነው የሚሉት። የቤቱ ባለቤት ግን ስለኔ ብሎ እሁድ ከቀኑ አሥር ሰዓት ላይ ይከፍትልኝ ነበር። ሾፌሮቹ ያጉረመርማሉ፤ ከዚያ አማችዎን እንይልዎት ብለው ይቀመጣሉ።

ወደዚያ እሁድ ልመለስ። ጨዋታው ሊያልቅ አሥር ደቂቃ ሲቀረው በሰሌዳው ላይ ስድስት ቁጥር በራ።

"ሊያስወጡት ነው እትዬ፣ ይመልከቱ" አለኝ መምህሩ።

ሰዉ ሁሉ ተነስቶ ያጨበጭባል። እሱ ቀስ እያለ ወደ መስመሩ ይሄዳል። ይኸኔ ልጄ ካውያውን አስቀምጣለች ብዬ አሰብኩ። መስመሩ ጋ ሲደርስ የሚመጣ ኳስ የለም፤ ዞር ይል ይሆን? እሱን ለማየት ከአግዳሚው ተነሳሁ።

መብራት ጠፋ።

መስኮቶቹ በብርድ ልብስ ስለተሸፈኑ ቤቱ ድርግም ብሎ ጨለመ። ከሾፌሮቹ አንዱ መብራቱም አብሮት ጡረታ ወጣ አለ፤ ሳቁ። ባለቤቱ እየተደናበረ ወጥቶ የጄነሬተሩን ገመድ ይስብ ጀመር። አንዴ ሳበ፣ ሁለቴ ሳበ፤ እኔ ቆሜ ነበር። ቴሌቪዥኑ ሲመለስ በእሱ ቦታ አንድ ፀጉሩን የተላጨ ወጣት ይሮጣል። ይደግሙታል አለ መምህሩ። አልደገሙትም። ማስታወቂያ መጣ፣ ከዚያም ሾፌሮቹ የእንግሊዝን አስቀየሩ።

"መስመሩ ጋ ሲደርስ ዞር አለ?" ብዬ መምህሩን ጠየቅኩት።

"እኔም አላየሁም እትዬ።"

በዚያ ቤት ውስጥ ያየ ሰው አልነበረም። ከዘረዘርኳቸው መካከል ያየች ብትኖር ልጄ ብቻ ናት።

አሁን እሁድ ከአሥር ሰዓት በኋላ ምን እንደማደርግ አላውቅም። ባለቤቱ ይምጡ፣ ሌላ አማች እንፈልግልዎታለን ይለኛል። አመሰግነዋለሁ፤ አልሄድም። በሦስቱ ቁጥሮች በየተራ እደውላለሁ። በዜሮ አሁንም ይጠራል።

ይህን የጻፍኩት መምህሩ ስላበረታታኝ ነው። ስሟን ያልጻፍኩት የመኖሪያ ወረቀት ከሌላት እንዳልጎዳት ብዬ ነው። ቤይሩት ያላችሁ፣ ወይም እዚያ ዘመድ ያላችሁ፣ ከቢቸና የሄደች፣ ቀጭን፣ በር ከመግባቷ በፊት ግራና ቀኝ የምታይ ልጅ ፈልጉልኝ፤ ምናልባትም በነጭ አቡጀዲ ዘጠኝ ቁጥር የተሰፋበት ሰማያዊ ማሊያ ይኖራታል። ካገኛችኋት የስልክ ቁጥሯ የጠፋው በእኔ ነው በሏት። የእኔ ስልክ ያው ነው፣ አልቀየርኩም። እባካችሁ ያያችኋት ካላችሁ ወሬዋን ላኩልኝ።