በሩን ብቻ

ዛሬ ሕንዶችና ስደተኞች በሚነግዱበት ሰፈር፣ ፎርድስበርግ ውስጥ፣ ቴሉጉ በሚባለው የሕንድ ቋንቋ የተሠራ የአንድ ፊልም ማስታወቂያ አየሁ። ከሥሩ «ደራሲና ዳይሬክተር» ይላል። እግሬ ቀጥ አለ።

ያ ቀን ትዝ አለኝ፤ አሥራ አራት ዓመቴ ነበር። የስደተኞችን ሱቅ የሚዘርፉ ሰዎች እየመጡ ነው ሲባል አባቴ ዕቃ ሊገዛ ወጥቶ ነበር። ጎረቤታችን አንክል ራኦ ወደ ሲዲ ሱቃቸው ጎትተው አስገቡኝና የብረቱን መዝጊያ ከውስጥ ቆለፉት። አገራቸው ሕንድ ሳሉ የቴሉጉ ፊልም ደራሲ ነበሩ፤ በኋላ ዳይሬክተር ሆነው አንድ ፊልም ሠርተዋል። ሱቁ የሲዲ ላስቲክ ይሸታል። ጩኸቱ እየቀረበ መጣ።

«ደራሲ ሳለሁ» አሉኝ በሹክሹክታ፣ «ሁለት መቶ ሰው በሩን ይከባል ብዬ እጽፍ ነበር። ዳይሬክተር ስሆን ሁለት መቶ ሰው ከየት ይምጣ? በሩን ብቻ ቀረጽኩት። ተመልካቹ የባሰ ፈራ።»

እኔም በሩን እያየሁ የባሰ ፈራሁ።

«መጨረሻ ላይ በሩ ይከፈታል?» አልኳቸው።

«ደራሲው ይከፈታል ብሎ ነበር። ዳይሬክተሩ ገና አልወሰነም፣ ልጄ።» ሊስቁ ሞከሩና ቁልፎቹን ኪሳቸው ከተቱ።

ያኔ መዝጊያው ሦስት ጊዜ በቀስታ ተንኳኳ። ዘራፊ እንደዚያ አያንኳኳም። አባቴ ሊሆን ይችላል ብዬ አሰብኩ፤ አንክል ራኦም ዓይን ዓይኔን አዩኝ። አልተነሳሁም። እሳቸውም አልተነሱም። በመዝጊያው ሥር ይታይ የነበረው የጫማ ጥላ ሄደ።

አባቴ አመሻሹ ላይ ግንባሩ ተፈንክቶ ቤት ገባ። እስከ ዛሬ አንድ ቤት ስንኖር፣ ያንኳኳው እሱ እንደሆነ ጠይቄው አላውቅም። እሱም የዚያን ቀን የት እንደነበርኩ ጠይቆኝ አያውቅም።