ማቆሚያ የሌለው ጆይስቲክ

ወንድሜ ከሞተ በኋላ ቤታችን ቴሌቪዥን አይከፈትም ነበር። በቀብሩ ማግስት እናቴ አሮጌ ነጠላ ጣል አደረገችበት፤ በቃ፣ እስከ አርባው እንደዚያ ነው። ጉለሌ፣ እኛ ሰፈር፣ ከለቅሶ ቤት የቴሌቪዥን ድምፅ ከተሰማ ሰው ምን እንደሚል የታወቀ ነው። ግቢውን ደግሞ ከተከራዮች ጋር ነው የምንጋራው። ግድግዳው ጭቃ ነው። ጎረቤት ስታስነጥስ ከአልጋችን ሳንነሳ «ይማርሽ» እንላለን።

ያን ቀን ነጠላውን ያነሳሁት እኔ ነኝ።

በሩ አጠገብ አንድ ማዳበሪያ ቆሞ ነበር። የወንድሜ ልብስ ቀደም ብሎ ለነዳያን ተሰጥቷል። የቀረው ለአክስቴ ልጆች ይሁን ተባለ፤ ኳሱ፣ የኳስ ጫማው፣ አንድ ጃኬት፣ ከላይ ደግሞ ጌሟ። አክስቴ ከሰዓት በኋላ ከሸጎሌ መጥታ ልትወስደው ነው። እናቴ ስትስማማ እዚያው ነበርኩ። አፌን ከፍቼ «ጌሟ ትቅር» ማለት አቃተኝ። ለቅሶ ቤት ቁጭ ብሎ ስለ ጌም እንዴት ይወራል?

ጌሟ ትንሽ ናት። ከቁራሽ ዳቦ አትበልጥም። ወንድሜ የቤት ኤሌክትሪክ ይዘረጋ ነበርና አንዲት ቤት ያሠሩ ሴትዮ «ልጆቼ አድገዋል፣ የሚነካት የለም» ብለው ሰጡት። የድሮ ጌሞች ውስጧ ተሞልተዋል። ጽሑፏ በሙሉ ጃፓንኛ ነው። የሠራት ፋብሪካ አሁን አይሠራትም፤ ወንድሜ ኢንተርኔት ላይ አይቶ ነግሮኛል። «ይቺ ከተበላሸች ተበላሸች ነው» ይል ነበር። ስለዚህ የሚያገናኛት እሱ፣ የሚያስነሳት እሱ፣ የሚያጠፋት እሱ ነው። እኔ ሁሉም ከተሰናዳ በኋላ ነው የምጠራው።

ሁለት ጆይስቲክ አላት። የክብሪት ቀፎ ያክላሉ። ገመዳቸው አጭር ስለሆነ ቴሌቪዥኑ ሥር ተጠግተን፣ ትከሻ ለትከሻ ነው የምንቀመጠው። የመጀመሪያው ጆይስቲክ ላይ ጌም የሚያስጀምርና የሚያቆም ቁልፍ አለ። ሁለተኛው ላይ የለም። ተሰብሮ አይደለም፤ ሲሠሩት ጀምሮ የለውም። የመጀመሪያው የታላቅ ነው፤ ሁለተኛው የእኔ። ሽንት ቤት መሄድ ስፈልግ እሱን ማስፈቀድ ነበረብኝ።

«አቁምልኝ አቦ!»

«ጩጬ፣ ሱሪህ ላይ ልቀቀው። ልንደርስ ነው።»

ከመጋረጃው ወዲያ እናታችን ትጮህብናለች፤ «ያንን ነገር እንደ አይጥ ስትቆረጥሙ ልታድሩ ነው?» የምትለው የቁልፎቹን ድምፅ ነው። ቀጭ ቀጭ ቀጭ ይላሉ።

ከጌሞቹ ሁሉ አንዱን ነበር የምንወደው። ሁለት ትንንሽ ሰዎች መዶሻ ይዘው የበረዶ ተራራ ይወጣሉ። ከራሳቸው በላይ ያለውን በረዶ በመዶሻ ይሰብሩና በቀዳዳው ይዘላሉ። ሰማያዊው ወንድሜ ነው፣ ቀዩ እኔ። ችግሩ እዚህ ላይ ነው፤ አንዱ በጣም ከወጣ ስክሪኑ አብሮት ይወጣል። የታችኛው ከስክሪኑ በታች ይቀራል። ከቀረ ደግሞ ሞተ ማለት ነው። ቆሞ መጠበቅም አይቻልም፤ ሁለቱም ከዘገዩ ነጭ ድብ መጥቶ ስክሪኑን ወደ ላይ ያስነሳዋል። ስለዚህ አብሮ መውጣት ነው እንጂ ሌላ መንገድ የለም።

መጨረሻ የተጫወትን ቀን ከዚያ በፊት ደርሰን የማናውቀው ከፍታ ላይ ነበርን። ወንድሜ ድንገት ሆዱን ያዘ። «ቆይ» አለና ማቆሚያውን ተጫነው። ትንሽ ጎንበስ ብሎ ቆየ። ከዚያ የደረስንበትን ቦታ አስቀመጠው፤ ጌሟ ያቆሙበትን ቦታ ትንሽ ፎቶ አድርጋ ታስቀምጣለች። «እንዳትነካት» አለኝ። «ስመለስ እንጨርሰዋለን።» ሐኪም ቤት ሄዶ የሚያድር አልመሰለንም ነበር። ትርፍ አንጀት ነው ተባለ። ቆይቷል ተባለ። አልተመለሰም።

ያቺ ፎቶ ጌሟ ውስጥ አለች። የአክስቴ ልጆች በአንድ ከሰዓት ያጠፏታል። ልጆች ናቸው፣ ምን ያውቃሉ። እንግዲህ ጌሟ ከቤት ሳትወጣ፣ ያን ተራራ እኔ መጨረስ አለብኝ ብዬ አሰብኩ። ያን ያህል ነው ያሰብኩት።

ጾም ስለነበር ቅዳሴው ከቀትር በኋላ ነው። እናቴ እስክትወጣ ጠበቅሁ። በሩን ገጠም አደረግሁ። ጌሟን ከማዳበሪያው አወጣሁ። ነጠላውን አነሳሁ፤ አቧራው አፍንጫዬ ውስጥ ገባ።

ቴሌቪዥኑ አንድ ቀዳዳ ብቻ ነው ያለው፤ የዲሹ ሪሲቨር ተሰክቶበታል። ከኋላ እጄን አስገብቼ በዳበሳ ነቀልኩትና የጌሟን ሰካሁ። በስልኬ ቻርጀር ሞከርኩ። መብራቷ በራ፣ ጠፋ። እንደገና በራ፣ ጠፋ። ተበላሸች ማለት ነው? ከዚያ ትዝ አለኝ፤ ወንድሜ የሚጠቀመው የራሱን ቻርጀር ነበር፣ ወፍራሙን። እናቴ ከስልኩ ጋር አድርጋ ትራሷ ሥር አስቀምጣዋለች። ትራሷን አነሳሁ። እንዴት እንደነበረ አየሁ፣ እንደዚያው አድርጌ እንድመልሰው። ቻርጀሩን ዲቫይደሩ ላይ ሰካሁት። መብራቷ በራ። አልጠፋም።

ድምፁን ገና ምስል ሳይመጣ በሪሞት ዘጋሁት።

የጌሞቹ ሥዕል ተደርድሮ መጣ። ዙሪያው የማላነበው ፊደል ነው። ስልኬን ደግኜ ላስተረጉመው ሞከርኩ፤ ፊደሉ ነጥብ ነጥብ ስለሆነ አልገባውም። የተራራውን ጌም አገኘሁት። ከዚህ በኋላ ነው የፈራሁት። ፎቶዎቹ የሚቀመጡት ከታች ነው። አንዱ ቁልፍ ይከፍታቸዋል፣ አንዱ ይጥላቸዋል። አንድ ጊዜ ወንድሜ የእኔን ፎቶ ጥሎብኝ ሲስቅ አይቻለሁ። የትኛውን ተጭኖ እንደጣለው ግን አላየሁም። የማየው ፊቱን ነበር።

ዓይኔን ጨፍኜ አውራ ጣቱን ለማስታወስ ሞከርኩ። አንዴ ወደ ታች። ከዚያ... በቀኝ ጣቱ፣ ዳር ያለውን ቁልፍ። መሰለኝ። ወደ ታች ስጫን ፎቶዋ መጣች። ሰማያዊና ቀይ፣ አንድ የበረዶ ደረጃ ላይ፣ ጎን ለጎን።

ዳር ያለውን ቁልፍ ተጫንኩ።

ተከፈተች። እሱ አቁሞ ስለነበር ያስቀመጣት፣ ስትከፈትም እንደቆመች ነው። ሰማያዊው አንድ ነፍስ ቀርቶታል። ቀዩ ሁለት። በእጄ የያዝኩት የእሱን ጆይስቲክ ነው፤ ማስጀመሪያው ያለው እዚያ ላይ ነዋ። ከዚያ በፊት ይዤው አላውቅም። ማስጀመሪያውን ነካሁ።

ሰማያዊው ተንቀሳቀሰ። በረዶውን መታሁ፣ ተሰበረ። ልዘል ስል ቀዩን አየሁት። ዝም ብሎ ቆሟል። ከወጣሁ እሱን ጥዬው ልሄድ ነው። ቶሎ ብዬ ጆይስቲክ ቀየርኩ፤ ቀዩን ይዤ ልወጣ ነው። አሁን ደግሞ ሰማያዊው ቆመ። ቀዩን ካስወጣሁት የሚቀረው ወንድሜ ነው፣ በአንዲት ነፍስ። ሁለቱንም በሁለት እጄ ልይዝ ሞከርኩ፤ ቀጭ ቀጭ ቀጭ፣ አንዱ ሲሄድ አንዱ ግድግዳ ይገጫል። በስክሪኑ ግርጌ ነጩ ድብ ብቅ ሲል የእሱን ጆይስቲክ አነሳሁና አቆምኩት።

ያኔ በሩ ተከፈተ።

እናቴ ናት። ጥቁሯን እንደለበሰች፣ ነጠላዋን እንዳዘቀዘቀች። መጀመሪያ ነጠላ የሌለውን ቴሌቪዥን አየች፣ ከዚያ እኔን።

«መጣሽ እንዴ፣ እማዬ?»

«ጉልበቴ እምቢ አለኝ። ወንጌሉ ሳይነበብ ወጣሁ።»

«ድምፁን ዘግቼዋለሁ።»

«አውቃለሁ።»

«ማንም አልሰማም፣ እውነቴን ነው።»

«እኔ ሰማሁ» አለች። «ቀጭ ቀጭ ሲል። በሩ ላይ ቆሜ ነበር።» በሩን ከኋላዋ ገጠመችው። «ቆሜ ነበር፣ በቃ።»

ልነቅለው እጄን ወደ ዲቫይደሩ ሰደድኩ።

«ተወው» አለች። የእንጨት ዱካ ስባ አጠገቤ ተቀመጠች። ስክሪኑን እየተጠጋች አየችው። «እሱ የትኛው ነው?»

«ሰማያዊው።»

«አንተስ?»

«ቀዩ።»

«ለምንድን ነው የቆማችሁት?»

ነገርኳት። የደረስንበትን ነገርኳት፣ «ስመለስ» ያለውን ነገርኳት፣ የአክስቴ ልጆች እንደሚያጠፉት ነገርኳት። እየተንተባተብኩ ነው፤ አንዱን ሳልጨርስ ሌላውን እጀምራለሁ። ለብቻ የማይወጣ መሆኑንም ነገርኳት። መሬት ላይ የወደቀውን ሁለተኛውን ጆይስቲክ አየችው።

«ይሄን ማነው የሚይዘው?»

«ማንም አይይዘውም።»

አነሳችው። እንደ እንቁላል ነው የያዘችው። «ምኑን ነው የምጫነው?»

«ይሄ መዝለያ ነው። በዚህ ወደ ጎን ትሄጃለሽ። ቶሎ ቶሎ ነው፣ እማዬ።»

«እሺ፣ አትጩህብኝ!»

ማስጀመሪያውን ተጫንኩ። ቀዩ ባለበት ዘለለ። እንደገና ዘለለ። «ግንባሩን መታሁት!» አለች። «ወደ ግራ» እላታለሁ፤ ጆይስቲኩን ሳይሆን መላ ሰውነቷን ወደ ግራ ታዘነብላለች። ድቡ መጣ። ሰማያዊውን አንድ ደረጃ አወጣሁት፣ ማውጣት ነበረብኝ። ስክሪኑ ተነሳ። ቀዩ ከታች ቀረና ወደቀ።

እናቴ ጆይስቲኩን ለቀቀችው። «ገደልኩህ?»

«አይ፣ ገና አለሁ። ሁለት ነፍስ ነበረኝ። ይኸው፣ ተመለስኩ።»

ቀዩ ብልጭ ብልጭ እያለ ሰማያዊው አጠገብ ቆመ። እናቴ ደረቷን ያዘች።

«እሱስ? ስንት አለው?»

«አንድ።»

የድቡ ጭንቅላት በስክሪኑ ግርጌ ብቅ አለ።

«አቁመው» አለች።

«ትንሽ ነው የቀረን፣ እማዬ፤ አንቺ ዝም ብለሽ...»

«አቁመው አልኩህ!»

ተጫንኩት። ሁለቱም ባሉበት ደረቁ። ላቤ ጆይስቲኩን አርሶታል።

«ቤቶች!» የሚል ድምፅ ከግቢው መጣ። አክስቴ ናት። ለመሸፈን ጊዜ አልነበረም። ገባችና ደነገጠች።

«ምነው! ምነው እናንተ! አርባው መች ወጣና?»

«ድምፅ የለውም» አለች እናቴ። ጆይስቲኩ አሁንም እጇ ላይ ነው።

«ድምፅ የለውም ትላለች እንዴ! ሰው ቢመጣስ?»

«አንቺ መጣሽ አይደል።»

አክስቴ እኔን አየችኝ። እኔ መሬት አየሁ። ድምጿን ዝቅ አድርጋ፣ «ልጆቹ ከትናንት ጀምሮ ጌሟን ጌሟን እያሉ አላስቀመጡኝም» አለች።

«ኳሱን ውሰጂላቸው። ጫማውንም። ጃኬቱ ለትልቁ ይሆነዋል። ይቺ ትቆያለች።»

«እስከ መቼ?»

«አላለቀችም» አለች እናቴ።

አክስቴ ወደ ስክሪኑ ዞረች። ሁለቱን ትንንሽ ሰዎች ስታይ ምን እንደገባት አላውቅም፤ ማንም አላስረዳትም። ብቻ ነጠላዋን አፏ ላይ አደረገችና አልጋው ጫፍ ላይ ተቀመጠች።

ጌሟን ማጥፋት ቀርቶኝ ነበር። ወደ ሥዕሎቹ የሚመልሰውን ቁልፍ ስጫን አዲስ ፎቶ መጣ፤ እናቴ ከጣለችኝ በኋላ ያለው ነው። እታች ካስቀመጥኩት የድሮውን ይተካው ይሆን? አላወቅሁም። የሚጠይቁት ሰው የለም። ምንም ሳልነካ በቀጥታ አጠፋኋት። ከዚያ ልቤ አልችል አለና እንደገና አበራኋት። አንዴ ወደ ታች። አዲሱ ፎቶ የለም። የእሱ አለ። ሰማያዊና ቀይ፣ አንድ ደረጃ ላይ።

እናቴ ራሷ ነጠላውን መልሳ አለበሰችው። ቻርጀሩን ስሰጣት ከየት እንዳመጣሁት አልጠየቀችም።

አርባው ወጣ። ቴሌቪዥኑ ተገለጠ። አንድ እሁድ ከሰዓት ዱካዋን ስባ ቴሌቪዥኑ ሥር መጣች፤ ገመዱ አጭር መሆኑን አልረሳችም። «የእሱን እንዳትነካ» አለችኝ። «ለእኔ ከታች ጀምርልኝ። መጀመሪያ ልልመድ።»

እየለመደች ነው። በጣም በቀስታ ነው። ሁለተኛውን ተራራ ገና አላለፍንም፤ በረዶው አሁንም ግንባሯን ይመታታል፣ እሷም እንደ ልጅ ትሳደባለች። ሁለተኛውን ጆይስቲክ ስለምትይዝ ማቆሚያ የላትም። ጉልበቷ ሲነሳባት፣ ወይም ድቡ ሲመጣ፣ ወይም እኔ በማላውቀው ምክንያት፣ እጇን ታነሳና «ቆይ» ትላለች።

አቆማለሁ።