ኡርሹሌ በካሜራው ፊት ያሉት

ከቪልኒየስ ወደ ኢግናሊና የሚሄደው የጠዋት ባቡር በእንጉዳይ ለቃሚ ጢም ብሏል። የመድኃኒት ቤት ሠራተኛዋ ኒዮሌ ባዶ ቅርጫቷን ጉልበቷ ላይ አድርጋ ከአንድ ቀጭን ሽማግሌ አጠገብ ተቀመጠች። ሽማግሌው ያቀፉት ቅርጫት ሳይሆን ክብ የቆርቆሮ ሣጥን ነው። ኒዮሌ ደግሞ አጠገቧ ሰው እያለ ዝም ማለት አይሆንላትም።

«አባባ፣ በዚህ ሊለቅሙ ነው?»

«እኔ ለቅሜ ጨርሻለሁ ልጄ። አርባ አምስት ዓመት የቆየ እንጉዳይ ስለሆነ ግን አትቅመሽው።»

ሣጥኑ ውስጥ ያለው ፊልም ነበር። ሥራዋን ነግራቸው እሳቸውም ስማቸውን ሲነግሯት ኒዮሌ ክው አለች። ዜኖናስ፣ ያ ደራሲ! በመጽሐፋቸው ውስጥ አንዲት አሮጊት ገበሬ ቤታቸውን ሊያፈርሱ የመጡትን ሲራገሙ የሚያሳየውን ገጽ አንብባ ሁለት መሐረብ በእንባ አርሳለች።

«ለመሐረቦቹ ይቅርታ አድርጊልኝ፤» አሉ ዜኖናስ። «እርግማኑን የፈጠርኩት እኔ ነኝ።»

«ኧረ በሞቴ! እንዴት?»

ዜኖናስም አልደበቋትም። የደን ጠባቂ ልጅ ናቸው። ሞስኮ ፊልም ተምረው ሲመለሱ ስቱዲዮው የሰጣቸው ሥራ ትራክተርና ላም አላቢ መቅረጽ ነበር፤ ዐሥር ዓመት ሙሉ እሱኑ ቀረጹ። አንድ መኸር ላይ ኢግናሊና አጠገብ ተላኩ። የሶቪየት መንግሥት ረግረጉን አደርቃለሁ ብሎ፣ በየማሳው ተበታትነው ያሉትን ቤቶች እያፈረሰ ገበሬውን አንድ ሰፈር የሚሰበስብበት ጊዜ ነው። ኡርሹሌ የሚባሉ አሮጊት ደጃቸው ላይ ቆመው ወደ ካሜራው እያዩ ብዙ ተናገሩ። ዜኖናስ አላዳመጡም፤ ጭንቀታቸው ፀሐይ ሳትጠልቅ መጨረስ ነበር። ካሜራው ድምፅ አይቀዳም፤ ያን ጊዜ ንግግር የሚጨመረው ኋላ ስቱዲዮ ውስጥ ነው። ተጨመረም። ኡርሹሌ ከንፈራቸውን ሲያንቀሳቅሱ አንዲት ተዋናይት «ወደ አዲሱ ሰፈር በደስታ እንሄዳለን» አለችላቸው።

ፊልሙ ከታየ በኋላ የኡርሹሌ ልጅ አዴሌ ባለ አንድ መስመር ደብዳቤ ላከች፤ «እናቴ እንዲህ አላለችም።»

ደብዳቤው ዜኖናስን እንቅልፍ ነሳቸው። አገሪቱ ከሶቪየት ነጻ ስትወጣ ልካስ ብለው ያን መጽሐፍ ጻፉ፤ በደስታው ፈንታ እርግማን አስገቡ። ስማቸው የገነነው በእሱ ነው። ኢግናሊና ቤተ መጻሕፍት ውስጥ ሲያነቡት ግን አዴሌ ከኋላ ወንበር ብድግ አለች። «ይህንንም አላለችም» ብላ ጥላ ወጣች።

«ታዲያ ምንድን ነው ያሉት?» አለች ኒዮሌ።

«እሷም አታውቅም። የዚያን ዕለት ላሞቹን ወደ አዲሱ ሰፈር እየነዳች ነበር። እናቷን ግን ታውቃታለች።»

ባለፈው ዓመት ዜኖናስ ያን ፊልም ከተቀመጠበት አስወጥተው፣ መስማት ለተሳናት ለአንዲት ልብስ ሰፊ አሳዩአት። የሰው ከንፈር ማንበብ ታውቅበታለች። ሦስት ጊዜ ካየችው በኋላ ጻፈችላቸው። ወረቀቱን ከኪሳቸው አውጥተው ለኒዮሌ ሰጧት።

«አንተ ቀጭኑ፣ ሽንኩርቴ ላይ ቆመሃል። ድንች ቀቅያለሁ፤ እርጎም አለ። ምድጃዬን ሳያፈርሱት ግቡና ብሉ። ነገ እንግዳ የማበላበት ቤት የለኝም።»

ኒዮሌ ሁለት ጊዜ አነበበችው።

«ገብታችሁ በላችሁ?»

«አልገባንም።»

«አዴሌስ ይህን ሰማች?»

«ደውዬላት ነበር፤ ስሜን ስትሰማ ጆሮዬ ላይ ዘጋችው። ሰማንያ ሊሞላት ነው። ዛሬ ቤቷ ሄጄ ካልነገርኳት እናቷ ያለችውን ሳትሰማ ልትቀር ነው።»

ኒዮሌ ወረቀቱን አጣጥፋ መለሰችላቸው። «መጽሐፉን ግን እንዳይነኩብኝ፤ ያለቀስኩበት ነው።»

«አልነካውም። አንቺም መድኃኒት መስሎሽ ለሰው አትዘዢው።»

ኢግናሊና ሲደርሱ፣ ሽማግሌው ደረጃውን ቀስ ብለው እስኪወርዱ ሣጥኑን ያዘችላቸው። ወደ እንጉዳዩ ጫካ የሚሄደው ሕዝብ እየተጋፋ አለፋቸው።

«አባባ፣ አዴሌ በሩን ካልከፈተችልዎትስ?»

ዜኖናስ ሣጥኑን ተቀበሏት። «ደጃፏ ላይ ቆሜ ጮክ ብዬ አነብላታለሁ። አንዲትም ቃል ከራሴ አልጨምርም።»