ልጄ የተረጎመችልኝ የእንግሊዞች ፊልም

ከአሰላ የወጣሁ ማታ ዝናብ ይጥል ነበር። ጎረቤት ተሰብስቦ ሲመርቀኝ ሁሉም "አሜሪካ ሄደህ ልትጦር ነው" ይለኛል። እኔ ግን ልጦር አልነበረም የምሄደው። ልጃችን ሰብለ ስልክ ላይ "ደህና ነኝ" ማለት አብዝታ ነበር። ድሮ ስትደውል ስለ አለቃዋ ታማርራለች፣ ስለ እግሯ ታማርራለች፣ እናቷን ትጨቀጭቃለች። ኋላ ግን ምንም ብንጠይቃት "ደህና ነኝ" ብቻ ሆነ።

ባለቤቴ አረጋሽ መኪናው በር ላይ ቆማ፣ ነጠላዋ ርሶ፣ "ሄደህ ፊቷን እየው" አለችኝ። "የምታየውን ነው የምትነግረኝ፣ እሷ የምትልህን አይደለም።" እሺ አልኳት። የሁለታችንም ፕሮሰስ አብሮ ነበር የተጀመረው፤ የእሷ ወረቀት አንድ ምርመራ ጎደለው ተብሎ ቀረ። ይደርሳል አሉን። ይኸው እየደረሰ ነው።

አትላንታ ስገባ መስታወት ውስጥ የተቀመጠው የኢሚግሬሽን ሰው፣ አንዲት የእኛ አገር ልጅ እያስተረጎመችለት፣ "ለምን መጣህ?" አለኝ።

"ልጄ ደህና ነኝ ስላለችኝ።"

"ደህና ከሆነች ለምን መጣህ?"

"ለዚሁ ነው።"

አስተርጓሚዋ ወደ እኔ ጠጋ ብላ፣ "አባቴ፣ ከልጄ ጋር ልኖር ነው ይበሉ፣ ይበቃል" አለችኝ። እኔም እንደዚያው አልኩ። ሰውዬው ማኅተሙን መታና ሌላውን ጠራ።

ሰብለ የምትኖረው ስኮትዴል ነው፣ ዙሪያውን ጥድ የበቀለበት አፓርትመንት። ውጭው፣ ምን ልበላችሁ፣ ወፍጮ ቤት ሞተሩ አጠገብ እንደ መቆም ነው፤ ሙቀቱ ልብስ ላይ ይለጠፋል። ቤት ውስጥ ስትገቡ ደግሞ የአሰላ ሐምሌ ነው። እዚያ በነፃ የተውኩትን ብርድ እዚህ በመብራት ነው የሚሠሩት። ሹራቤን ቤት ስገባ እለብሳለሁ፣ ስወጣ አወልቃለሁ። ጎረቤቶቻችን ይህን አይተው ምን እንደሚሉኝ አላውቅም።

ፊቷን አየሁት። አልከሳም፣ አልጠቆረም። ሰው የሌለበት ቤት መብራቱ በርቶ ሲቀር እንዴት ነው፣ እንዲያ ነበር። የምትሠራው አዛውንቶች የሚጦሩበት ቤት ነው፤ እዚያ ሌላውን ሁሉ ታነሳለች፣ ታጥባለች፣ ታጎርሳለች፤ አሁን እሷ መነሳት አቅቷት ፈቃድ ወስዳለች። ሐኪሙ ድብርት ነው አላት። መድኃኒት ጀምራለች።

"ድብርትማ ማን የሌለበት አለ" አልኳት።

"እንደዚያ አይደለም አባዬ" አለችና ወደ ግድግዳው ዞረች።

አረጋሽ ስትደውል የነገርኳት ግን ሌላ ነው። አረጋሽ ራሷ ደም ግፊት አለባት፣ እዚያም ብቻዋን ናት፤ አፌ ላይ የመጣው "ትንሽ ጨጓራዋን ያማታል" የሚል ሆነ። የእኛን ሰው ታውቁታላችሁ። ሰው አእምሮውን ታመመ ከሚባል ጨጓራውን ቢባል ይቀላል፤ እኔም እንደ ሌላው ሰው አልኩ።

ጨጓራው ግን እንደተውኩት አልተቀመጠም። አረጋሽ ለጎረቤቷ ነገረች፣ ጎረቤቷ እዚህ ክላርክስተን ላለች እህቷ ደወለች፣ እሁድ ቀን የሰብለ ቤተ ክርስቲያን ሴቶች አጃ ተሸክመው በራችን ላይ ቆሙ። አጃ በሾርባ፣ አጃ በዱቄት፣ አጃ በገንፎ። ከዚያ ተልባ መጣ። ከዚያ የሽፈራው ቅጠል። አንዲት ከደንዉዲ የመጡ ደርባባ ሴት ፓፓያ ከነፍሬው እንድትበላ አዘዙ። ሳሎኑ ሞልቶ ሁሉም በየተራ የራሱን ጨጓራ ይናገራል። ሰብለ ውስጥ ሆና በሯን ዘግታለች፤ እኔ "ተኝታለች" እላለሁ።

በማግስቱ የአፓርትመንቱ ኦፊስ ሰው፣ ቀጭን ነው፣ ቁልፍ አንገቱ ላይ ያንጠለጥላል፣ መጣ። የመኪና ማቆሚያው ተዘጋ ብሎ። የሰብለ ጓደኛ ገነት ልትጠይቃት መጥታ ስለነበር አስተረጎመችልን።

"ትናንት ፓርቲ ነበር?" አለ።

"የበሽተኛ ጥየቃ ነው" አልኩት።

"ሙዚቃ አልነበረም?"

"መዝሙር ነበረ።"

"የታመመው ሰው በሽታ ምንድን ነው?"

"ጨጓራ።"

ሰውዬው ትንሽ አሰበ። "እኔ ባለፈው ልቤን ኦፕራሲዮን ሆኜ" አለ፣ "ወንድሜ ቴክስት ላከልኝ።" ከዚያ መኪኖቹን ቶው አስደርጎ እንደሚያስጎትት አስጠንቅቆ፣ ሲወጣ ግን ሳህኑ ላይ ያለውን ጠየቀ። አንድ ጎድጓዳ ሳህን የአጃ ገንፎ ሰጠሁት። አመሰገነ።

ገነት በሩ እስኪዘጋ ጠበቀች። ኮሌጅ ፓርክ የሆቴል እንግዳ የሚያመላልስ ሻትል ነው የምትነዳው፤ ከሰብለ ጋር ሲመጡ ጀምሮ አብረው የኖሩ ናቸው።

"አባባ" አለችኝ፣ "ሰብለ ጨጓራ የላትም። ሚጥሚጣ በማንኪያ ስትበላ አይቻለሁ።"

"ለዚህ ይሆናላ የታመመችው።"

"ገብቼ ልያት?"

"ተኝታለች።"

አየችኝ። "ኦኬ አባባ። እርስዎ ካሉ" ብላ ቁልፏን አነሳች። ብዙ ጊዜ ሳትመጣ ቀረች።

እንግዲህ ፊልሙ የመጣው በዚህ መሀል ነው። ሰብለ ከአልጋ ስትነሳ ሶፋ ላይ ሆና ላፕቶፕ ትከፍታለች። የእንግሊዞች ተከታታይ ፊልም ነው። ሁለት ሴቶች ጓደኛሞች ናቸው። አንደኛዋ አእምሮዋን ታማለች፤ ሌላዋ ሁልጊዜ አንድ ቢጫ ኮት የምትለብስ፣ ወሬ የማታቆም ናት። የሚያሳዝንም የሚያስቅም ነው ይላሉ። እኔ የሚያስቀው የቱ ጋ እንደሆነ ለማወቅ የሰብለን ፊት ነበር የማየው፤ እዚያም ላይ አላገኘሁትም። ዝናባቸው የአሰላ ዝናብ ነው። ሻይ በወተት ይጠጣሉ እንደ እኛው። ስለዚህ ለመድኳቸው።

"ምን አለች?" እላታለሁ።

መጀመሪያ በአጭሩ ነበር የምትተረጉመው። "ደክሞኛል አለች።" "ሂጂ አለቻት።" እየቆየች ግን ረዘም እያደረገችው መጣች። ራሷን ስጠይቃት ደህና ነኝ የምትል ልጅ ስለ እንግሊዟ ሴትዮ ስጠይቃት ብዙ ታወራለች። እኔም ሌላ ጥያቄ ትቼ ይሄንኑ ያዝኩ።

አንድ ቀን ባለ ቢጫ ኮቷ መጣችና የበሽተኛዋ እናት በር ላይ አቆመቻት።

"እናትየዋ ምን አለች?"

"ጉንፋን ይዟታል፣ ተኝታለች አለቻት።"

እንግሊዝም ይዋሻል ማለት ነው። እዚያ ጨጓራው ጉንፋን ነው። ልጅቷ ኮቷን አጥብቃ በዝናቡ ሄደች፤ እኔ ወንበሬ ላይ መቀመጥ አቃተኝ፤ ግን ተቀመጥኩ።

ቀጥሎ በሽተኛዋ ወጥ ቤት ገባች። እዚህ ላይ አንድ ነገር ልንገራችሁ። ዕድሜዬን የጨረስኩት ወፍጮ ቤት ነው፤ የወፍጮ ቤት ሰው በሞተሩ ጩኸት ምክንያት ጆሮውን ትቶ የሰው አፍ ማየት ይለምዳል። አሁንም ሰው ሲናገር አፉን ነው የማየው። ሴትዮዋ ውሃ ቀዳች፣ ጠጣች፣ መስኮቱን አየች። አፏ አንዴም አልተንቀሳቀሰም። ሰብለ ግን ትተረጉማለች።

"'ጓደኛዬ ናፍቃኛለች፣ ግን እንዲህ ሆኜ እንድታየኝ አልፈልግም' አለች። 'ጠዋት ለመነሳት ምክንያት ስፈልግ ይመሻል። ሰው ሁሉ ጨጓራ መስሎት ሲጸልይልኝ አፍራለሁ። ያን ሁሉ አጃ ሳየው ይብስብኛል' አለች።"

ሴትዮዋ ብርጭቆውን አጠበች። በእንግሊዝ አጃ ማን እንዳመጣላት አልጠየቅኩም።

"ሌላስ ምን አለች?" አልኩ።

"'አባቴ አጠገቤ ተቀምጧል' አለች። 'ምን እንደምለው አላውቅም።'"

"አባትየው ምን አላት?"

"እሱ እስካሁን አልተናገረም" አለች ሰብለ፣ ዓይኗን ከላፕቶፑ ሳታነሳ።

እኔ ንግግር አላውቅም። ተነሳሁና በረንዳ ወጥቼ ገነት ጋ ደወልኩ።

"ገነት፣ ጨጓራ አይደለም።"

"አውቃለሁ አባባ።"

"ነይ።"

"ሺፍቴ ሊያልቅ ነው፣ ሻትሉን ፓርክ አድርጌ እመጣለሁ። ምን ይዤ ልምጣ?"

"አጃ አታምጪ እንጂ የፈለግሽውን።"

እንቁላል ይዛ መጣች፣ ዩኒፎርሟን እንደለበሰች። የሰብለን በር አላንኳኳችም። እኔ ወጥ ቤት ሆኜ እንቁላሉን እቀቅላለሁ፣ በሩ ገርበብ ብሏል።

"የተኛሽበት ሸሚዝ የእኔ ነው" አለች ገነት።

ሰብለ ብርድ ልብሱን ወደ ላይ ሳበች።

"ስንት ጊዜ ፈልጌዋለሁ መሰለሽ። ጠይቄሽ አላየሁም ብለሽኛል።"

"ውሰጂው።"

"አሁንማ ሸቷል፣ ምን ላደርገው።"

ትንሽ ቆይቶ አንድ ድምፅ ሰማሁ። ሳቅ ነው አልላችሁም። ማልቀስም ተከትሎት መጣ፣ ረጅም። ልገባ ስል ገነት በእጇ ምልክት መለሰችኝ። ጫማዋን አውልቃ አልጋው ላይ ወጥታ ነበር።

ያው ዳነች ብዬ አልጽፍላችሁም። መድኃኒቷን ትወስዳለች፣ ሐኪሟ ጋ ትሄዳለች፣ አንዳንድ ቀን ጨርሶ አትነሳም። ገነት ያን ቀንም ትመጣለች፤ አንዳንዴ እዚያው እንቅልፍ ይወስዳታልና የምቀሰቅሳት እሷን ነው።

ገነት እንቁላል ይዛ በመጣችበት ዕለት አረጋሽ ደወለች። "ጨጓራዋ እንዴት ነው?" አለችኝ።

"አንድ የእንግሊዞች ፊልም እያየን ነው" አልኳት።

"አንተ ደግሞ ከመቼ ወዲህ ነው ፊልም የምታየው?"

ነገርኳት። አንዲት ልጅ አለች፣ አእምሮዋን አሟታል፣ ሐኪም ድብርት ብሏታል፣ ለሰው ግን ሌላ ነው የተባለው፤ ጓደኛ አለቻት፣ አሁን ጓደኛዋ መጥታለች አልኳት። ዝናቡ ቆርቆሮው ላይ ሲወርድ በስልኩ ይሰማኛል።

"የልጅቷ እናት የት ናት?" አለች።

"ሩቅ ናት። ወረቀቷ አላለቀም።"

ጉሮሮዋን ጠረገች።

"ትበላለች?"

"ዛሬ ግማሽ እንቁላል በላች።"

"ግማሹስ?"

"ጓደኛዋ በላችው።"

"ደግ ናት" አለች አረጋሽ። ቀጥላም፣ "በል ስልኩን ስጣት" አለችኝ።

ለማን ብዬ አልጠየቅኩም። ስልኩን እንደያዝኩ ሄጄ በሩን አንኳኳሁ።